የሮቦቶቹ ተርጓሚ

ጃፓንኛ አልችልም። ይህን ገና ከመጀመሪያው የምነግራችሁ፣ አንድ ክረምት ይህንኑ ቃል በጊዜው ባለመናገሬ ሚስት ላጣ ስለነበረ ነው። ቻይንኛም አልችልም። ከቻይንኛ እስከ አምስት መቁጠር፣ «የለም» ማለትና አንዲት ስድብ አውቃለሁ። ስድብ መሆኗንም ያወቅሁት ሰላምታ መስላኝ ለአንድ ፎርማን ብናገራት፣ ሰውዬው አካፋ ይዞ ካባረረኝ በኋላ ነው።

ከከተማችን በላይ ያለው መንገድ ሲሠራ ሰባት ወር በቻይኖች ካምፕ ዕቃ ቤት ውስጥ ብሎን ቆጥሬያለሁ። መንገዱ አለቀ፣ ቻይኖቹ ሄዱ፣ እኔ ላይ ግን «ቻይና» የሚል ስም ተለጥፎ ቀረ። አምቦ ውስጥ ቅጽል ስም ከወጣላችሁ አለቀላችሁ፤ ይግባኝ የሚባልበት ቦታ የለም። የገዛ እናቴ ሳትቀር ለጎረቤት «ቻይና ምሳውን ሳይበላ ወጣ» ስትል ሰምቻለሁ።

ከዚያ በአንድ የመንግሥት መሥሪያ ቤት ሪከርድ ክፍል ተቀጠርኩ። ሪከርድ ክፍል ፋይል የሚቀመጥበት ክፍል ነው ብላችሁ የምታምኑ ካላችሁ ጉዳይ ገጥሟችሁ አያውቅም ማለት ነው። ፋይል የሚፈለግበት ክፍል ነው። እዚያ አራት ዓመት ስሠራ የተካንኩበት ነገር ቢኖር፣ የማላውቀውን ነገር ሳላፍር መናገር ነው። ፋይሉ ከጠፋ «ፊርማ ላይ ነው» እላለሁ። ፈራሚው ራሱ መጥቶ ሲጠይቀኝ «ከእርስዎ ዘንድ ወጥቷል» እላለሁ። ሰዉ ሁሉ አመስግኖኝ ይሄዳል።

የዚያን ክረምት ሀዊን ለማግባት ሽማግሌ ልኬ ነበር። ሀዊ በጤና ጣቢያ ላቦራቶሪ ትሠራለች። አባቷ ኦቦ ዳባ ጡረታ የወጡ ጤና ረዳት ናቸው፤ በቤተ ክርስቲያናቸውም ሽማግሌ ናቸው። በሥራ ዘመናቸው የአምቦን ግማሽ ሕዝብ መርፌ ስለወጉ፣ የአምቦ ግማሽ ሕዝብ እስከ ዛሬ እሳቸውን ሲያይ ከኋላው ይጠነቀቃል። እኔም ከዚያ ግማሽ ውስጥ ነኝ።

ሽማግሌዎቼ ሁለት ጊዜ ተመለሱ። አንድ ጊዜ መመለስ ወጉ ነው፤ ልጅ በአንድ ልመና አትሰጥም። ሁለተኛው ግን ከወጉ ያለፈ ነበር። «እኛ ጴንጤ ነን፣ እናንተ ኦርቶዶክስ ናችሁ፤ እሱን ልጆቹ ራሳቸው ይጨርሱት» አሉ ኦቦ ዳባ። «እኔን የቸገረኝ ሌላ ነው። ልጁን አላውቀውም። ሲያልፍ አየዋለሁ እንጂ ምን ዓይነት ሰው እንደሆነ አላውቅም። ሦስት ሳምንት ስጡኝና ላጥናው። ከዚያ እሁድ ከአምልኮ በኋላ ኑ፤ ያን ቀን የምናገረው የመጨረሻዬ ነው።»

ይህን መልስ ይዘው ሲመጡ፣ ከሦስቱ ሽማግሌዎቼ ሁለቱን በዚያው ሳምንት ጉልበታቸውን አመማቸው። አጎቴ ብቻ ቀረልኝ። አጎቴ ደግ ሰው ነው፤ ነገር ግን ከቁርስ እስከ እራት ሁለት ዓረፍተ ነገር ከተናገረ ያን ቀን ብዙ አወራ ይባልለታል።

እንግዲህ እየተጠና ያለ ሰው ምን ያደርጋል? ጠዋት ጠዋት ቤተ ክርስቲያን ይሳለማል፣ የሰው ለቅሶ አይቀርም፣ መንገድ ላይ አሮጊት ካገኘ ዘንቢል ይሸከማል። ጌም ቤት ግን አይሄድም። በከተማችን አስተያየት ጌም ቤት ማለት ሥራ ፈት፣ ጫት ቃሚና የአባቱን በግ የሸጠ ሰው የሚገናኙበት ቦታ ነው። እኔ ጌም ቤት ሄድኩ። ዝናብ ነው የከተተኝ። ይህ እውነት ነው፤ ያን ቀን ይዘንብ ነበር።

የለሚ ጌም ቤት ከመናኸሪያው ወረድ ብላ ያለች፣ አንድ በር ያላት የቆርቆሮ ክፍል ናት። በክረምት ግማሹ ሰው የሚገባው ለመጫወት ሳይሆን ለመጠለል ነው። በዕለቱ ከገቡት አንዱ ሃምሳ አለቃ በየነ ነበሩ፤ የቀድሞ ፖሊስ ናቸው፣ ጡረታ ከወጡ በኋላም የገቡበትን ክፍል ሁሉ መጀመሪያ በዓይናቸው ይፈትሻሉ። ሌላው ኦቦ ቱፋ ነበሩ፤ የጊንጪ እህል ነጋዴ ናቸው፣ አምቦ የሚውሉበት ቀን ብዙ ነው።

ለሚ ከአዲስ አበባ የኳስ ጌም አስመጥቶ ነበር። ሽፋኑ ላይ ኳስ የሚመታ ሰው አለ። ዲስኩን ሲከተው ግን ኳስም ሜዳም የለም። ሰማዩ ጥቁር ነው፣ ኮከብ ተዘርቶበታል፤ በዚያ ውስጥ ፎቅ የሚያካክሉ ሮቦቶች ቆመዋል። በኋላ እንደሰማሁት እያንዳንዳቸው ከተለያየ የካርቱን ፊልም የተሰበሰቡ፣ በዚህ ጌም ውስጥ ብቻ የሚገናኙ ናቸው። እኛ ይህን መቼ አወቅን። አንዱ ቀንድ አለው፣ አንዱ ክንፍ አለው፣ አንዱ ደግሞ አጭርና ወፍራም ሆኖ ጨርሶ ለጦርነት የተፈጠረ አይመስልም። ቁመታቸውም ቀለማቸውም አይገናኝም። ኦቦ ቱፋ ለረጅም ጊዜ አይተው «የየዕድሩ ሰው አንድ ድንኳን ውስጥ ገብቷል» አሉ።

ጨዋታው እንደ ዳማ ነው። ሜዳው በካሬ በካሬ ተከፍሏል፤ እኛ ሮቦቶቻችንን አንድ በአንድ እናንቀሳቅሳለን፣ ከዚያ ጠላት በተራው ያንቀሳቅሳል። ነገር ግን የዳማ ቆርኪ ሌላውን ሲበላም ራሱ ሲበላም ዝም ይላል። እነዚህ ከመተኮሳቸው በፊት ያወራሉ፣ እየተኮሱ ያወራሉ፣ ፈንድተው እንኳ ያወራሉ። ከውስጥ ሆኖ የሚነዳቸው ሰው ፊት በስክሪኑ ጥግ ብቅ ይልና ከሥሩ ሦስት መስመር ጽሑፍ ይወርዳል። ጽሑፉ በጃፓን ፊደል ነው።

«ዲስኩን አውጣውና ያለውን ኳስ ክተት» አለ አንዱ። ለሚ እሺ ሊል ነበር። ያኔ ሃምሳ አለቃ በዓይናቸው ክፍሉን ሲፈትሹ እኔ ላይ ደረሱ።

«ቻይና አለ አይደል እንዴ» አሉ። «አንብብልን እስቲ።»

በዚያች ቅጽበት «አልችልም» ብል ኖሮ ይህ ወግ እዚህ ላይ ያበቃ ነበር። ነገር ግን ሃያ ሰው ዞሮ በአክብሮት ሲያየኝ በሕይወቴ የመጀመሪያው ነው። በሪከርድ ክፍል ሰው የሚያየኝ በልመና ወይም በንዴት ነው። ስክሪኑን ጠበብ አድርጌ አየሁና «መጀመሪያ ስብሰባ አላቸው» አልኩ። አምስት ፊቶች እየተፈራረቁ ለረጅም ጊዜ አወሩ። በእርግጥም ስብሰባ ይመስላል።

«ስለ ምንድን ነው?» አሉ ሃምሳ አለቃ።

«ያለፈውን ጦርነት እየገመገሙ ነው።»

«አበል አለው?»

«አለው።»

ሰዉ ሁሉ ተረጋግቶ ተቀመጠ። አበል ያለው ስብሰባ ስለሆነ እንደሚረዝም ገባቸው። ለሚ ዲስኩን አላወጣውም።

ከዚያ ቀን ጀምሮ በምሳ ሰዓትና ከሥራ በኋላ የሮቦቶች ተርጓሚ ሆንኩ። ለሚ ይጫወታል፣ ተመልካቹ በክርክር ይወስናል፣ እኔ እተረጉማለሁ። ለየሮቦቱ ታሪክ አወጣሁ። ባለ ቀንዱ ከወንድሙ ጋር በድንበር የተጣላ ሆነ። ባለ ክንፉ እናቱን ጥሎ የመጣ ሆነ፤ ሰኞ ዕለት እናቱን ብገድልበት ሃምሳ አለቃ ኮፍያቸውን አውልቀው ዓይናቸውን ጠረጉ። ኦቦ ቱፋ ገና ጽሑፉ ሳይወርድ «ማል ጄዴ?» ይሉኛል፣ ምን አለ ማለታቸው ነው። ዛሬ የነገርኳቸውን ነገ ጊንጪ ገበያ ላይ ይናገሩታል። የሚሸጡት ጤፍ ያለቀበት ቀን ሁሉ ሰው ቆሞ ታሪኩን እንደሚሰማቸው ነገሩኝ።

ችግሩን ያመጣችው ለሚ በስህተት የተጫናት ትእዛዝ ናት። አንድ ሮቦት ከጠላት አጠገብ ሲቆም፣ ከመተኮስ ሌላ አንዲት ምርጫ አንዳንድ ጊዜ ትመጣለች። ስትጫን ሁለቱ ይነጋገራሉ፤ ጠላት የነበረው ቀለሙን ቀይሮ ወደ እኛ ይዞራል። ሃምሳ አለቃ ይህን ባዩ ጊዜ ከወንበራቸው ተነሱ።

«ሽማግሌ ነዋ የላከው» አሉ። «ታዲያ እስከ ዛሬ ስንዋጋ የነበረው ምን ሆነን ነው?»

ከዚያ በኋላ መተኮስ ቀረ። ሽማግሌ ሳይላክ ወደ ማንም መተኮስ ነውር ነው ተባለ፤ ሦስት ጊዜ ካልተላከም ተልኳል አይባልም። ለሽማግሌነት ደግሞ የሚመረጠው በጣም ያረጀው፣ ቀለሙ የተላላጠው፣ እግሩ የሚጎተተው ሮቦት ነው፤ ጎረምሳ ሮቦት ምን ብሎ ይለምናል። ያ ምስኪን እየተንፏቀቀ ጠላት አጠገብ ሲደርስ፣ ጠላት በሦስት ጥይት አመድ ያደርገዋል። ሌላ ሽማግሌ እንልካለን። በአንድ ከሰዓት በኋላ አራት ሽማግሌ አለቀብን።

«ሽማግሌ የሚገድል ምን ዓይነት አገር ነው?» አሉ ሃምሳ አለቃ። ኦቦ ቱፋ ግን «ደጅ ላይ በደንብ አልቆሙም ይሆናል» ብለው ነገሩን ለማብረድ ሞከሩ። ለሚ ዘዴውን ያውቅ ነበር፤ ማን ከማን ጋር ቢነጋገር እንደሚያዋጣ በሙከራ ደርሶበታል። ተመልካቹን ደፍሮ መናገር ግን አልቻለም። በአገራችን በሙከራ የደረሰበት ሰው በዕድሜ የደረሰበትን ሲከራከር አይታይም።

በመጀመሪያው ሳምንት ቅዳሜ ዕለት፣ ባለ ክንፉን እያስለቀስኩ ሳለ በሩ ላይ ጥቁር ጃንጥላ ታጠፈ። ኦቦ ዳባ ነበሩ። ለካ አንድ ደግ ሰው «ልጅዎን የሚጠይቀው ልጅ ጌም ቤት ነው የሚውለው» ብሏቸዋል። አምቦ ውስጥ እንዲህ ዓይነት ደግ ሰው አይጠፋም።

በሩ አንድ ነው። መስኮት የለም። ኦቦ ዳባ ለሁሉም ሰላምታ ሰጥተው የኋላው አግዳሚ ላይ ተቀመጡ። «ቀጥል ጉርባ፣ ቀጥል አንተ ልጅ፣ በእኔ ምክንያት አይቋረጥ» አሉኝ። ድምፃቸው መርፌ ከመውጋታቸው በፊት የሚናገሩበት ድምፅ ነበር።

ከዚያች ደቂቃ ጀምሮ ሮቦቶቹ ጨዋ ሆኑ። ስድብ ቀረ። አንዱ ሌላውን ሳያመሰግን አይተኩስም። ባለ ቀንዱ ጠላቱን በሰይፍ ለሁለት ከከፈለው በኋላ «እግዚአብሔር ይቅር ይበለን» አለ። ሃምሳ አለቃ ግራ ገብቷቸው አዩኝ፤ እኔ ስክሪን ስክሪኑን ብቻ አየሁ።

ኦቦ ዳባ ሰኞም መጡ። «ላጥናው ብያለሁ» አሉ። ማክሰኞም መጡ። ረቡዕ የሚቀመጡበትን ትራስ ይዘው መጡ። ያኔ ነው እኔ ላይ ሰይጣን የሰፈረው። ሰውዬው የሚያጠኑት እኔን አይደለም፤ ዓይናቸው ከስክሪኑ አይነቀልም። ታዲያ እኔ ለምን ስለ ራሴ በሮቦት አፍ አልናገርም?

ከሮቦቶቹ መካከል አንድ ቀይ አለ፤ የሚነዳው ፀጉሩ ግንባሩ ላይ የወረደ ጎረምሳ ነው። አንድ ነጭ አለ፤ የምትነዳው ልጅ ናት። ሁሉንም የምትሸከም ትልቅ መርከብ አለች፤ አዛዧ ፂማቸው የረዘመ ሽማግሌ ናቸው። ሦስቱ ምን እንደሚባባሉ አምላክ ይወቅ። እኔ ግን ልጅቱን የፂማሙ ሰውዬ ልጅ አደረግኋት፣ ቀዩን ደግሞ ጠያቂ አደረግሁት። ልጁ ሁለት ጊዜ ጠይቆ ሁለት ጊዜ ተመልሷል አልኩ። ቀለሙ የተለየ ስለሆነ ነው አልኩ። እንዲህም ሆኖ የአባቷን መርከብ በደረቱ ይከላከላል አልኩ፤ እውነትም ለሚ ቀዩን ሁልጊዜ ፊት ያሰልፈው ነበር።

ኦቦ ዳባ አንድ ቀን ወደ ፊት ወንበር ተዛወሩ።

«ይህ ልጅ ሥራው ምንድን ነው?»

«የመንግሥት ሠራተኛ ነው።»

«በቋሚ ነው በኮንትራት?»

«በቋሚ።»

«ይጠጣል?»

«ነዳጅ ብቻ ነው የሚጠጣው፣ ኦቦ ዳባ።»

ራሳቸውን ነቀነቁ። በሦስተኛው ሳምንት ረቡዕ ዕለት ቀዩ ስለ ልጅቱ ብቻውን ሲናገር፣ ክፍሉ ውስጥ ከዝናቡ በስተቀር የሚሰማ ነገር አልነበረም። ኦቦ ዳባ ለሃምሳ አለቃ ዝቅ ባለ ድምፅ «ይህ አባት ልቡ ድንጋይ ነው» ሲሉ በጆሮዬ ሰማሁ። ያን ቀን ወደ ቤቴ የሄድኩት በጭቃው ላይ እየተንሳፈፍኩ ነው። እሁድ ልትመጣ አራት ቀን ቀርቷታል። ሃምሳ አለቃና ኦቦ ቱፋም ጉልበታቸው ባመማቸው ሽማግሌዎቼ ቦታ እንዲሄዱልኝ ለመንኳቸው፤ «አንተ እንዲህ ሰው የምታዝናና ልጅ፣ እንዴት እምቢ እንልሃለን» አሉኝ።

ሐሙስ ከሥራ በኋላ ክፍሉ ሰው አልበቃውም። አዲስ ምዕራፍ ጀመርን። መጀመሪያ እንደ ወትሮው ስብሰባ ሆነ። ከዚያ ቀዩ ሮቦት ማንም ሳያዘው ብቻውን ተነሳ፣ ከሰልፉ ወጣ፣ ጠላት ወዳለበት ካሬ ሄደ፣ ዞረ። ከሥሩ ያለው ምልክት የጠላትን ቀለም ያዘ።

ለሚ ከእጁ ላይ ጆይስቲኩን ሊጥል ምንም አልቀረውም። «እኔ አልነካሁትም» አለ።

ቀዩ በደረቱ ውስጥ የነበረውን መድፍ ሁሉ ከፍቶ ወደ ፂማሙ ሰውዬ መርከብ ተኮሰ።

«ተርጉም» አሉ ኦቦ ዳባ።

«እየቀለደ ነው» አልኩ።

መርከቧ መሃሏ ላይ ተቀደደች። ፂማሙ ሰውዬ ስክሪኑን ሞልተው አንድ ነገር ጮኹ፣ ነጯ ልጅ አለቀሰች፣ ከዚያ መርከቧ ፈነዳች።

«ቀልዱ በዛ» አሉ ኦቦ ዳባ።

ቀዩ ልጅ ረጅም ንግግር ጀመረ። ጽሑፉ ይወርዳል፣ ይወርዳል፣ አያልቅም። «አስገድደውት ነው» አልኩ። «ቤተሰቦቹን ይዘውበት ነው። በልቡ እያለቀሰ ነው።»

«ይስቃል እኮ» አሉ ሃምሳ አለቃ፤ እሳቸው ፊት ሲያነቡ የኖሩ ሰው ናቸው። እውነትም ልጁ ጥርሱን ገልጦ ይስቅ ነበር። ይህን የመሰለ አስቀያሚ ሳቅ በሰውም በብረትም አይቼ አላውቅም። ሃያ ምናምን ሰው ከስክሪኑ ዓይኑን ነቅሎ እኔን አየ። ያኔ መብራት ጠፋ። በዕድሜዬ መብራት በመጥፋቱ የተደሰትኩት ያን ቀን ብቻ ነው። ሰዉ ሲጉረመርም በጨለማው ውስጥ ጉልበቶችን እየረገጥኩ ወጣሁ። ዓርብና ቅዳሜ በዚያ መንገድ አላለፍኩም።

እሁድ ደረሰች። አጎቴ፣ ሃምሳ አለቃ በየነና ኦቦ ቱፋ ነጠላቸውን ለብሰው፣ ዱላቸውን ይዘው ኦቦ ዳባ ቤት ገቡ። ጠያቂው አብሮ አይገባም፤ እኔ ከመንገዱ ማዶ በተዘጋች ሱቅ በረንዳ ላይ ቆሜ ዝናቡን እቆጥር ነበር። ከአንድ ሰዓት በኋላ አጎቴ ብቅ አለ።

«ይጠሩሃል» አለኝ። ያን ቀን ከተናገራቸው ቃላት የመጀመሪያዋ ናት።

እንዲህ ያለ ነገር ታይቶ አይታወቅም። ስገባ ኦቦ ዳባ ግድግዳውን ተደግፈው ተቀምጠዋል። ዓይናቸው ቀልቷል፤ ያልተኛ ሰው ዓይን ነው።

«ስለ ሃይማኖቱ ተነጋገርን፣ ተግባባን» አሉ። «ስለ ሥራህም ጠየቅሁ፤ አለቃህ በሰዓቱ ይገባል አለኝ። አንድ ነገር ብቻ ቀረኝ። ያ ልጅ ለምን ከዳ?»

መልሱ በኪሴ ነበረ። ሦስት ቀን ያዘጋጀሁት ነው፤ ልጁ የከዳ መስሎ ጠላት ውስጥ የገባው አማቱን ሊያድን ነው፣ መርከቧም ባዶ ነበረች። ካንድ ዓረፍተ ነገር አይበልጥም። እሱን ብናገር ሀዊ የኔ ናት። አፌን ከፈትኩ።

ኦቦ ዳባ ግን ቀደሙኝ። «ስቀልድ እንዳይመስልህ። ያን ልጅ ወድጄው ነበር። ለባለቤቴ ስለ እሱ ነገርኳት። እኔ አርባ ዓመት ሰው ሳክም ሰው እለያለሁ እያልኩ ነው የኖርኩት። እሱን ካልለየሁ፣ አንተን እንዴት እለይሃለሁ? አንዲት ልጄን ለማላውቀው ሰው ልሰጥ ነው ማለት ነው። ስለዚህ ዱጋውን፣ እውነቱን ንገረኝ።»

እኚህ ሰው እኔ በፈጠርኩት ብረት ምክንያት ሦስት ሌሊት በራሳቸው ተጠራጥረዋል። አፈርኩ፤ ሌላ የምሰጠው ስም የለኝም።

«አላውቅም፣ ኦቦ ዳባ» አልኩ። «እርስዎ አልተሳሳቱም። ልጁን የፈጠርኩት እኔ ነኝ። ከሚናገሩት አንዲት ቃል አላውቅም። ፊደሉን እንኳ ከላይ ይነበብ ከጎን አላውቅም።»

ኦቦ ዳባ እስኪናገሩ ስጠብቅ፣ የተናገሩት የራሴ ሽማግሌ ሆኑ።

«ቆይ» አሉ ሃምሳ አለቃ በየነ። «የባለ ክንፉ እናት?»

«እናት የለውም፣ ሃምሳ አለቃ።»

«ያለቀስኩት?»

መልሴን ሳይጠብቁ ተነሱ። «እኔ በጦር ሜዳ ወንድሜን ቀብሬ ያላለቀስኩ ሰው ነኝ» አሉ። «ይህን ልጅ ይዤ በሰው ቤት አልለምንም።»

ኦቦ ቱፋም ተነሱ። የእሳቸው የባሰ ነበር፤ አልተቆጡም፣ ተጎዱ። «ጊንጪ ላይ ሰው እየጠበቀኝ ነው» አሉ። «ሚዛኔን የሚያምን ሰው ነው። ማክሰኞ ሄጄ ሶባ ነበር፣ ውሸት ነበር ልበለው?»

ሁለቱም ዱላቸውን ፈለጉ። የጠያቂ ሽማግሌ ከተጠያቂው ጋር ሲጣላ ሰምታችሁ ይሆናል፤ ከላከው ሰው ጋር ተጣልቶ ሲወጣ ያየሁ ግን እኔ የመጀመሪያው ነኝ። ኦቦ ዳባ ደነገጡ። እንግዳ ከቤታቸው ተጣልቶ ከወጣ ነውሩ የቤቱ ነው። ቀድመው በሩ ላይ ቆሙ፤ አልበቃቸው ሲል በዝናቡ ወደ ጓሮ ሮጠው እርጥብ ሣር ነጭተው መጡና በሁለት እጃቸው ይዘው ፊታቸው ቆሙ። ሣር ይዞ የሚለምን ሰው አይታለፍም፤ ሁለቱ ሰዎች ባሉበት ቀሩ።

«አጥፍቷል፤ አላጠፋም አልልም» አሉ ኦቦ ዳባ። ውሃው ከራሳቸው ላይ ይንጠባጠባል። «ነገር ግን ፍረዱ። ሁለት ሳምንት ያህል አየሁት፤ በዚያ ሁሉ ወሬ ውስጥ የማንንም ሰው ስም አላነሳም። ሽማግሌ ሲያቋርጠው አይቆጣም። ልጁ ልበ ቅን ነው። አሁንም አንዲት ቃል ጨምሮ መውጣት ሲችል እውነቱን ተናግሮ ራሱን አዋረደ። ስንቶቻችን እናደርገዋለን? እንዲህ ያለ ልጅ ይጣላል? እናንተ ብትተዉት እኔ አዝናለሁ።»

ሃምሳ አለቃ ሣሩን አዩ። እኔን አዩ። ከዚያ ቀስ ብለው ዱላቸውን ግድግዳው ላይ መልሰው አስደገፉ።

«ኦቦ ዳባ፣ ይህን ያህል ደግ ከሆነ፣ ሁለት ጊዜ የመለሱት ለምንድን ነው?»

ኦቦ ዳባ ሣሩን እንደያዙ ቆመው ቀሩ፤ የት እንደሚያኖሩት ጠፋቸው። ያኔ አጎቴ የዕለቱን ሁለተኛ ንግግሩን ተናገረ።

«እኛም የመጣነው ይህንኑ ልንል ነበር» አለ።

ኦቦ ዳባ ቀስ ብለው ተቀመጡ። ሣሩን ጉልበታቸው ላይ አኖሩት። በመጨረሻ «ልጅቱ ትጠየቅ» አሉ። በእኛ አገር ይህ ቃል ከወጣ አባትየው ጨርሷል ማለት ነው።

ሀዊ ከጓዳ ወጣች። ማንንም ሳታይ «መጀመሪያ ላናግረው» ብላ ወደ በረንዳው አለፈች። ተከትያት ወጣሁ። ዝናቡ ቆርቆሮውን ይደበድበዋል።

«አባቴ እራት ላይ የሮቦቶቹን ንግግር ይደግምልናል» አለችኝ። «ቀዩ ስለ ልጅቱ የተናገረውን ሁሉ። ስትስቅ መጀመሪያ ዓይኗ እንደሚስቅ፣ እሷ ባለችበት መንገድ ለማለፍ ብሎ ስንት ጊዜ እንደሚዞር። እናቴ ሁለት ጊዜ አስደግማዋለች። እሱን ያልከው አንተ ነህ?»

«እኔ ነኝ።»

«ስለ ማን ነው?»

መሬት መሬቱን አየሁ። «ስለ አንቺ ነው።»

«ሁለት ዓመት ስንተዋወቅ ለእኔ ያወራኸኝ ስለ ዝናብና ስለ ጠፋ ፋይል ነው» አለች። ተቆጥታ ነበር፤ ዓይኗ ግን እንባ አቅርሯል። «ለሃያ ወንድ የነገርከውን እኔ ከአባቴ አፍ ሰማሁት፣ ያውም ጎመን እየጎረሰ። አሁን አንተ ንገረኝ።»

አፌን ከፈትኩ። ሃያ ሰው ፊት በአንድ ትንፋሽ ሦስት ጦርነት የምተርክ ሰው፣ አንዲት ቃል አልወጣልህ አለኝ። ከውስጥ ወሬው ሁሉ ቆሟል፤ አራት ሽማግሎች ትንፋሻቸውን ውጠው እየሰሙ እንደሆነ አውቄያለሁ።

«ተርጉም እንጂ» አሉ ሃምሳ አለቃ ከበሩ ጀርባ።

«እወድሻለሁ» አልኩ። ከዚያ ሌላ የምጨምረው አልነበረኝም።

ሀዊ ፊቷን ወደ በሩ መልሳ አባቷን ጠራች።

«አባባ» አለች፣ «ይቺኛዋ ቃል የራሱ ናት።»